ፋስቢንደር በ13 ዓመት ያን ሁሉ ፊልም እንዴት ሠራ?

ጥያቄ፦ «ፊልም መሥራት የጀመርኩት በቅርቡ ነው። ራይነር ቬርነር ፋስቢንደር የሚባል ጀርመናዊ ዳይሬክተር በ13 ዓመት ከ40 በላይ ፊልም ሠርቷል ሲባል ሰማሁ። እኛ አንዷን ፊልማችንን ለመጨረስ ሁለተኛ ዓመታችንን ይዘናል። ቁጥሩ እውነት ነው? ጓደኞቼ ‹ዕፅ ነው ያሠራው› ይላሉ። ሌላ ምስጢር ካለው ንገሩኝ።»

ምላሽ፦

ቁጥሩ እውነት ነው፣ እህቴ። የጓደኞችሽ ማብራሪያ ግን ከዘመኑ ጋር አይገጥምም። ፋስቢንደር እንደ እብድ የሠራው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ነው። ኮኬይን ሕይወቱ ውስጥ ሥር የሰደደው ደግሞ ዘግየት ብሎ፣ ወደ 1970ዎቹ አጋማሽ ከተጠጋ በኋላ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፍልሽ።) እኔ እንደሚገባኝ ፍጥነቱን የሰጠው ሌላ ነገር ነው። ካሜራው ከመነሳቱ በፊት አብዛኛው ውሳኔ አልቆ ነበር። ቀረጻ ቦታ ላይ የሚታሰብ ነገር አልተረፈም ማለት ይቻላል።

በመጀመሪያ ቁጥሩን እናጥራው። ሰውየው የተወለደው በሜይ 31 ቀን 1945 ነው፣ ጦርነቱ ጀርመን ውስጥ ባበቃ በሳምንታት ልዩነት። የመጀመሪያ ሙሉ ፊልሙ በ1969 ታየ። በጁን 10 ቀን 1982 ሞተ፣ ገና 37 ዓመቱ ነበር። «ከ40 በላይ» የሚባለው ለቴሌቪዥን የሠራቸውንም ጨምሮ ነው። በ1970 ብቻ ሰባት ሥራ ቀርጿል። መድረክ ላይ ያዘጋጃቸው ትያትሮች፣ የጻፋቸው ተውኔቶችና በሌሎች ሰዎች ፊልም ላይ የተወነባቸው ከዚህ ውጪ ናቸው።

ሁሉም ድንቅ ናቸው ወይ ካልሽ፣ አይደሉም። በ1970 ስፔን ድረስ ሄዶ የሠራት «ዋይቲ» የምትባል የካውቦይ ፊልም አለች፤ በደንብ ሲኒማ ቤት እንኳን አልገባችም። ቀረጻው ገንዘብ ያጠረው፣ ጭቅጭቅ የበዛበት ነበር። ግን ምን አደረገ? በዚያው ዓመት ያንን መከራ ራሱን ፊልም አደረገው። የፊልም ቡድን ስፔን ውስጥ ሆቴል ላይ ተጎልቶ ዳይሬክተሩንና ገንዘብ ሲጠብቅ፣ ሲጠጣና ሲናቆር የሚያሳይ ፊልም። ቀረጻ ሎኬሽን ላይ ቆሞበት የሚያውቅ ሰው ይህችን ፊልም እየሳቀም እየተሳቀቀም ነው የሚያያት።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ፋስቢንደር የፊልም ትምህርት ቤት ልጅ አይደለም። በ1966 በርሊን ያለው የፊልም አካዳሚ አልቀበልህም ብሎታል። ሙኒክ ውስጥ የትወና ትምህርት ሲማር ሃና ሺጉላን አገኘ፤ በኋላ የፊልሞቹ ዋና ፊት የሆነችው እሷ ነች። በ1967 «አክሽን ትያትር» የሚባል ትንሽ የሙኒክ ቡድን ውስጥ ገባ። እሱ ሲዘጋ በ1968 «አንቲቲያትር» ብለው የራሳቸውን አቋቋሙ። እዚያ የነበሩት ሰዎች ናቸው ወደ ፊልም አብረውት የተሻገሩት። ፔር ራበን ሙዚቃ ይሠራል። ኩርት ራብ ይተውናል፣ የቀረጻውን ቤትና ዕቃም ያሰናዳል። ኢርም ኸርማን ከቢሮ ጸሐፊነት ተነስታ ተዋናይ ሆነች። እናቱ ሳትቀር በብዙ ፊልሞቹ ትታያለች። እሱም ይጽፋል፣ ይተውናል፣ ፍራንትስ ቫልሽ በሚል የብዕር ስም ኤዲት ያደርጋል።

ይህ ለፍጥነት ምን ማለት እንደሆነ ፊልም የሠራ ሁሉ ያውቃል። አዲስ ቡድን በተሰበሰበ ቁጥር የመጀመሪያው ሳምንት የሚያልቀው በመተዋወቅ ነው። ተዋናይዋ በስንተኛው ቴክ (አንዱን ትዕይንት ደግሞ በመቅረጽ) ነው የምትሞቀው? ካሜራማኑ «ጠጋ በል» ሲባል ምን ያህል ይጠጋል? ፋስቢንደር ጋ ይህ ሁሉ የታወቀ ነበር። ብዙ ጊዜ በአንድ ወይም በሁለት ቴክ አልፎ ይሄዳል።

ሁለተኛ ፊልሙን «ካትስልማኸር»ን እንይ። በመጀመሪያ ተውኔት ነበረች። ራሱ ጽፏት በ1968 ሙኒክ መድረክ ላይ ቀርባለች። በኦገስት 1969 ፊልም አድርጎ ቀረጻት፣ በ9 ቀን፣ በ80,000 የጀርመን ማርክ ገደማ። ከዚያ በፊት የሠራት የመጀመሪያ ፊልሙ «ፍቅር ከሞት ይበልጥ ቀዝቃዛ ነው» 24 ቀን ወስዳበት ነበር። በጥቂት ወር ውስጥ ከ24 ወደ 9 ወረደ ማለት ነው። በመካከል የተገኘ አዲስ መሣሪያ የለም። በመድረክ የተፈተነ ጽሑፍና የተለማመዱ ሰዎች ነበሩት፣ ሌላው ደግሞ የካሜራ አያያዙ ነው።

ፊልሟን ስታዪ ይህን አስተውዪ። ሙኒክ ዳርቻ አንድ የኪራይ ቤት ደጃፍ ላይ ወጣቶች የብረት አጥር ተደግፈው ይቀመጣሉ። ሥራ የላቸውም፣ ወሬ አላቸው። ካሜራው ፊት ለፊት ቆሞ ያያቸዋል፣ አይንቀሳቀስም። አንዱ ተናግሮ ሌላው ሲመልስ ፊት እየቀያየረ አያሳይም። አንዱ ይነሳል፣ ሌላው መጥቶ ይቀመጣል፣ ፍሬሙ ያው ነው። ከዚያ አንድ ግሪካዊ ሠራተኛ ሠፈሩ ውስጥ ይመጣል (ፋስቢንደር ራሱ ነው የተወነው)፣ ወሬው ወደ ጥላቻ፣ ጥላቻው ወደ ዱላ ይለወጣል። ካሜራው የሚንቀሳቀሰው በአንድ ዓይነት ሾት ብቻ ነው ማለት ይቻላል። ሁለት ሁለት ሆነው ክንድ ለክንድ ተያይዘው ወደ እኛ ሲራመዱ ካሜራው ወደኋላ ያፈገፍጋል፣ ከበስተኋላ ፒያኖ ይሰማል። ይህ ሾት ሰዎቹ እየተቀያየሩ ደጋግሞ ይመጣል።

ከሥራው አንጻር አስይው። አንድ የካሜራ ቦታ፣ አንድ መብራት፣ አንድ ግድግዳ። ጠዋት ካሜራው አንዴ ከተተከለ ሰዎቹን እየቀያየሩ ሦስት አራት ትዕይንት መቅረጽ ይቻላል። እርግጥ ነው፣ ድህነት ነው እንዲህ ያሠራው። ግን የፊልሙ ሰዎችም ከዚያ ደጃፍ መንቀሳቀስ ያቃታቸው ናቸው። የካሜራው አለመንቀሳቀስ የእነሱ ኑሮ ሆኖ ቁጭ አለ። ብዙ ጀማሪ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ። ትልቅ በጀት ያለው ፊልም የሚሠራበትን መንገድ በትንሽ በጀት ለመከተል ይሞክርና ጊዜውም ገንዘቡም መሐል መንገድ ላይ ያልቅበታል። ፋስቢንደር ያለውን ቆጥሮ፣ ያ ብቻውን የሚበቃው ታሪክ ነው የጻፈው።

እስኪ ቁጥር እናስላ። «ካትስልማኸር» 88 ደቂቃ ነች፤ ለ9 ቀን ስናካፍላት በቀን ወደ 10 ደቂቃ የሚጠጋ ያለቀ ፊልም ማለት ነው። «የፔትራ ፎን ካንት መራራ እንባዎች» 124 ደቂቃ ነች፣ በ10 ቀን ነው የተቀረጸችው። በቀን ከ12 ደቂቃ ይበልጣል። እንዴት ሆነ ብትይ፣ እሷም ቀድማ ተውኔት ነበረች። ስድስት ሴቶች፣ አንድ ክፍል፣ ግድግዳውን የሞላ ትልቅ ሥዕል፣ የልብስ ማሳያ አሻንጉሊቶች፣ በቃ። ግን አንዱን ክፍል ካሜራማኑ ሚካኤል ባልሃውስ ካሜራውን እያዘዋወረ ቤተ መንግሥትም እስር ቤትም አድርጎታል። በተቃራኒው «ኤፊ ብሪስት» የተባለችውን ፊልም ለመቅረጽ 58 ቀን ወስዶበታል። ለሌላው ሰው 58 ቀን የተለመደ ነው፣ ለእሱ ግን ዘመን ነበር።

መሐል ላይ አንድ ትልቅ ለውጥ መጣ። በ1971 ገደማ የዳግላስ ሰርክን ፊልሞች አየ። ሰርክ ሃምቡርግ የተወለደ፣ በ1937 ናዚዎችን ሸሽቶ የወጣና ሆሊውድ ውስጥ የሚያስለቅሱ የፍቅር ፊልሞች የሠራ ሰው ነው። ብዙ ሃያሲ «የሴቶች ፊልም» እያለ ይንቃቸው ነበር። ፋስቢንደር ግን ስዊዘርላንድ ድረስ ሄዶ ሰውየውን አገኘው፣ ስለ ፊልሞቹም ጻፈ። ከዚያ ወዲህ የሠራቸው ሥራዎች ሙቀት አላቸው። ተመልካች ማልቀስ እንደሚፈልግና ማልቀስ ማሰብን እንደማይከለክል የገባው ያኔ ይመስለኛል።

ከዚያ በኋላ ከመጡት ውስጥ ለእኔ ቁንጮዋ «ፍርሃት ነፍስን ይበላል» ነች። በ1973 በ15 ቀን ተቀርጻ በ1974 ወጣች። ኤሚ የምትባል በዕድሜ የገፋች የጽዳት ሠራተኛና አሊ የሚባል ከእሷ በብዙ ዓመት የሚያንስ ሞሮኳዊ መካኒክ ይጋባሉ። ልጆቿ፣ ጎረቤቶቿ፣ የሠፈሩ ባለሱቅ ሁሉም ፊት ይነሷታል። ታሪኩን ፋስቢንደር ቀድሞ ይዞት ነበር። በ1970 በሠራት አንዲት የወንበዴ ፊልም ውስጥ አንዲት የሆቴል አልጋ አንጣፊ ይህንኑ ታሪክ አንድ አልጋ ጠርዝ ላይ ቁጭ ብላ ትተርከዋለች። ሦስት ዓመት በሆዱ ይዞት ዞሯል። 15 ቀን ስንል እነዚያን ዓመታት አንቆጥራቸውም።

በዚህች ፊልም ውስጥ ኤሚና አሊ ደጅ ላይ ባለ ካፌ የሚቀመጡበት ትዕይንት አለ። ቢጫ ወንበሮችና ጠረጴዛዎች ተደርድረዋል፣ ከእነሱ በቀር የተቀመጠ የለም። የካፌው ሰዎች ራቅ ብለው ተሰብስበው ቆመዋል። አይናገሩም፣ አይንቀሳቀሱም፣ ያፈጣሉ። ካሜራው እነዚያን ባዶ ወንበሮች አሻግሮ ነው የሚያሳየን። ኤሚ መጨረሻ ላይ ትፈነዳለች፣ እያለቀሰች ትጮኽባቸዋለች። እነሱ ግን ያው ቆመዋል። ልብ በዪ፦ ብዙ ሰው ያለበት ትዕይንት ሁልጊዜ ቀን ይበላል። የሚራመድ አለ፣ የሚስቅ አለ፣ አንዱ ይሳሳትና እንደገና ይጀመራል። እዚህ ሰዎቹ እንደ ሐውልት ነው የቆሙት። ማንም የሚሳሳተው ነገር የለም። ቁጠባው ራሱ ትርጉም ሆነ፣ ፊልሙ ስለሚያፈጡ ሰዎች ነውና። ሁለቱ ዋና ሰዎችም ብዙ ጊዜ በበር መቃን ውስጥ፣ በመስኮት ፍሬም ውስጥ ታጥረው ነው የሚታዩት። ፊልሟ ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የዓለም አቀፍ ሃያስያንን ሽልማት ወሰደች። ወጪዋ 260,000 ማርክ ገደማ ነበር።

ባልሃውስን ካነሳሁ አይቀር አንድ ነገር ልጨምር። ከፋስቢንደር ጋር ወደ 15 የሚጠጉ ፊልሞች ቀርጿል። «ማርታ» በተባለችው ላይ ሁለት ሰዎች ሲገናኙ ካሜራው ዙሪያቸውን ሙሉ ክብ ይዞራል። ያ ክብ በኋላ የባልሃውስ መታወቂያ ሆነ። አሜሪካ ሄዶ ከማርቲን ስኮርሴዚ ጋር መሥራት ሲጀምርም ፋስቢንደር ጋ የለመደው ፍጥነት ነው የጠቀመው። የመጀመሪያዋ የጋራ ፊልማቸው በትንሽ በጀት፣ ኒውዮርክ ውስጥ ሌሊት ሌሊት የተቀረጸች ነች።

አሁን ብዙዎች የሚዘሉትን ላንሳ። ገንዘቡ ከየት መጣ? እዚህ ላይ እውነቱን ልንገርሽ፣ ይህ ክፍል እኛ ጋ የለም። በ1962 ኦበርሃውዘን በምትባል የምዕራብ ጀርመን ከተማ 26 ወጣት ፊልም ሠሪዎች «አሮጌው ሲኒማ ሞቷል» ብለው መግለጫ አወጡ። ከዚያ በኋላ ምዕራብ ጀርመን ውስጥ የመንግሥት የፊልም ድጎማ ቀስ በቀስ ተስፋፋ። የፌዴራል የፊልም ሽልማቱም ዋንጫ ብቻ አይደለም፣ ለቀጣይ ፊልም የሚውል ገንዘብ አለው። «ካትስልማኸር» ከዚህ ተጠቅማለች። ከሁሉ በላይ ደግሞ የሕዝብ ቴሌቪዥን ጣቢያዎች ነበሩ፣ በተለይ ኮሎኝ ያለው ቬ.ዴ.አር.። ጣቢያው ገና ሳይሠራ ገንዘብ ያወጣል። ስለዚህ ፋስቢንደር የአንዱ ፊልም ትኬት ተሸጦ እስኪያልቅ መጠበቅ አልነበረበትም። አንዱን ኤዲት እያደረገ ሌላውን ይጽፋል፣ ሦስተኛው ተፈርሟል። እኛ ጋ ፕሮዲውሰሩ ከኪሱ አውጥቶ ከትኬት፣ አሁን አሁን ደግሞ ከዩቲዩብ ነው የሚመልሰው። ስለዚህ ሁለት ዓመት የፈጀባችሁ በስንፍና ነው ብለሽ ራስሽን አትውቀሺ። ግማሹ የገንዘብ ጥበቃ እንደሚሆን እገምታለሁ።

ገንዘቡ ሲበዛ ምን ሆነ? በ1977 «ተስፋ መቁረጥ» የተባለችውን ፊልም በእንግሊዝኛ፣ በታዋቂው ተዋናይ ዲርክ ቦጋርድ፣ በ6 ሚሊዮን ማርክ ቀረጸ። ትልቅ ነች፣ ቆንጆም ነች፣ ግን እኔን ቀዝቃዛ ሆናብኛለች። በ1978 መጀመሪያ ላይ በ2 ሚሊዮን ገደማ የቀረጻት «የማሪያ ብራውን ጋብቻ» ነች ዓለም ያወቀው። ሃና ሺጉላ በርሊን የፊልም ፌስቲቫል ላይ በ1979 የምርጥ ተዋናይት ሽልማት ያገኘችው በእሷ ነው። የሚገርመው ማሪያ ብራውንን ቀን ቀን እየቀረጸ ማታ ማታ ሌላ ሥራ ይጽፍ ነበር።

ያ የማታ ሥራ «በርሊን አሌክሳንደርፕላትስ» ነው። አልፍሬድ ዶብሊን በ1929 ያሳተመው ልቦለድ፣ በፋስቢንደር እጅ 14 ክፍል፣ ከ15 ሰዓት በላይ ሆነ። 13 ሚሊዮን ማርክ ወጣበት፣ በ154 ቀን ተቀረጸ። ይኸውም በቀን ስድስት ደቂቃ ገደማ ነው። ከ«ፍርሃት ነፍስን ይበላል» የቀን መጠን ጋር እኩል ነው ለማለት ይቻላል። በጀቱ 50 እጥፍ አድጎ የሥራ ፍጥነቱ አልተለወጠም። ይህን መጽሐፍ ደግሞ ከልጅነቱ ጀምሮ ደጋግሞ ያነበበው ነው። የቀደሙ ፊልሞቹ ውስጥ ፍራንትስ የሚባሉት ገጸ ባሕርያት፣ የራሱም የብዕር ስም፣ የዚህ ልቦለድ ጀግና ጥላ ያረፈባቸው ናቸው። ተዘጋጅቶ መጣ ስልሽ እንዲህ ነው።

ስለ ዕፁ ደግሞ ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም። ኮኬይኑ ነበር፣ የእንቅልፍ ኪኒኑም ነበር፣ የገደለውም የሁለቱ ድብልቅ ነው። ሙኒክ ባለው መኖሪያው ሞቶ ሲገኝ ስለ አብዮተኛዋ ሮዛ ሉክሰምበርግ የሚሠራው ፊልም ጽሑፍ ገና በእጁ ነበር። (ፊልሟን በኋላ ማርጋሬተ ፎን ትሮታ ሠራችው።) ያ እንደ ቤተሰብ የነበረ ቡድንም የሰላም ቤት አልነበረም። ፋስቢንደር ሰውን ይስባል፣ ያቀርባል፣ ከዚያ ያዋርዳል። ኢርም ኸርማን ያየችውን በደል በኋላ ተናግራለች። አሊን ሆኖ የተወነው ኤል ሄዲ ቤን ሳሌም ፍቅረኛው ነበር፣ ከተለያዩ በኋላ ፈረንሳይ እስር ቤት ውስጥ ሞተ። ሌላው ፍቅረኛው አርሚን ማየር በ1978 ሕይወቱ አለፈ። ፋስቢንደር ለዚያ ሐዘን የሰጠው መልስ አሁንም ፊልም ነበር፣ «በ13 ጨረቃዎች ዓመት»። ከሥራዎቹ ሁሉ እያመመኝ የማያት እሷን ነው። ለሥራ የሚጨክን ሰው ሁሉ ሊቅ ነው የሚል ወሬ ፊልም መንደር ውስጥ ሞልቷል። እኔ አልገዛውም። ባልሃውስ ያን ሁሉ ፍጥነት ይዞ ሄዶ ከሌሎች ጋር ሰው ሳይጎዳ ሲሠራበት ኖሯል።

እናንተ ከዚህ መውሰድ የምትችሉት አለ። ሁለት ዓመት የፈጀውን ፊልማችሁን አሁን አትንኩት፣ ጨርሱት። የሚቀጥለውን ግን ካሜራ ከመከራየታችሁ በፊት አንድ ክፍል ውስጥ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ ሰው ፊት ተጫወቱት። የሚሰለቸው ቦታ በዚያው ይታያችኋል። እዚያ መቁረጥ ነፃ ነው፣ ሎኬሽን ላይ ግን በቀን ክፍያ ነው። ከዚያ ለእያንዳንዱ ትዕይንት ስንት የካሜራ ቦታ እንደሚያስፈልግ ጻፉ፣ ቀጥላችሁም በግማሽ ሞክሩት። ካልሠራ ታሪኩን ቀይሩ። ቡድኑን ደግሞ አትበትኑት።

ለማየት ከፈለግሽ በ«ፍርሃት ነፍስን ይበላል» ጀምሪ። ቀጥለሽ «ካትስልማኸር»ን እዪ፤ የመጀመሪያዎቹ 20 ደቂቃዎች ይከብዳሉ፣ ታገሺ። «ፔትራ ፎን ካንት»ን ከካሜራማንሽ ጋር ሆናችሁ እዩዋት፣ ድምፁን ዘግታችሁም ሞክሩ። «አሌክሳንደርፕላትስ»ን በመጨረሻ። እሱን ስትይዢ ግን በስልክ አትሞክሪው፤ በ1980 ቴሌቪዥን ላይ ሲቀርብ እንኳን ተመልካቹ «ጨለማ ነው፣ ምንም አይታይም» ብሎ ቅሬታውን አሰምቷል። በ2007 የታደሰው ቅጂ ብርሃኑ የተሻለ ስለሆነ እሱን ፈልጊ።